በወንዝ አሸዋ ምክንያት በፖሊስ የተያዘን መኪና በሕግ ስለማስለቀቅ

ጠያቂው ያቀረቡት ጉዳይ በአጭሩ የሚከተለው ነው። ገልባጭ አይሱዙ መኪናቸው በክልል በሚገኝ አንድ ወረዳ ከወንዝ ዳር አሸዋ ጭኖ ሲወጣ በፖሊስ ተይዞ ጣቢያ ገብቷል። ሾፌሩ በማግስቱ በዋስ ተለቋል፤ መኪናው ግን ሦስት ሳምንት አልፎት እዚያው ቆሟል። ፖሊስ ከማዕድን ጽሕፈት ቤት ደብዳቤ እንዲያመጡ ይጠይቃቸዋል፤ ጽሕፈት ቤቱ በበኩሉ የያዘው ፖሊስ ስለሆነ የሚለቀውም ፖሊስ ነው ይላቸዋል። መኪናው በባንክ ብድር የተገዛ በመሆኑ ሊብሬው ባንክ ነው፤ ወርሃዊ ክፍያውም አልቆመም። እርሳቸው በቦታው አልነበሩም፤ አሸዋው የተገዛው በማኅበር ከተደራጁ ወጣቶች ነው። ጥያቄያቸው መኪናውን በሕግ ማስለቀቅ ይቻል እንደሆነና በየት በኩል መሄድ እንዳለባቸው ነው።

ይቻላል፤ ነገር ግን በአብዛኛው ባለንብረቶች ጊዜ የሚያባክኑት ሁለት የተለያዩ ጥያቄዎችን አንድ አድርገው ሲከራከሩ ነው። አንደኛው ጥያቄ አሸዋው በሕጋዊ ፈቃድ የወጣ ነው ወይስ አይደለም የሚለው ሲሆን፣ ሁለተኛው መኪናው በየትኛው ሕግና ለምን ዓላማ በፖሊስ እጅ ይቆያል የሚለው ነው። የመጀመሪያው ጥያቄ በምርመራና በክርክር የሚጣራ በመሆኑ ወራት ሊወስድ ይችላል፤ ሁለተኛው ግን ዛሬ መልስ ሊሰጠው የሚገባ ነው። ስለዚህ ጣቢያ ቆመው አሸዋው ሕጋዊ እንደነበር በቃል ከማስረዳት ይልቅ፣ መኪናው የተያዘበት ምክንያት በጽሑፍ እንዲገለጽልዎ መጠየቅ ይቅደም።

ምክንያቱ ከሦስት አንዱ ይሆናል። መኪናው ለወንጀል ምርመራ በማስረጃነት፣ ማለትም በኤግዚቢትነት፣ ተይዞ ሊሆን ይችላል፤ ወይም ወንጀል የተፈጸመበት መሣሪያ ነው ተብሎ በፍርድ እንዲወረስ ታስቦ ሊሆን ይችላል፤ ወይም ደግሞ ምንም የወንጀል መዝገብ ሳይከፈት የአስተዳደር ቅጣት ወይም ያልተከፈለ ሮያሊቲ (ለማዕድኑ ለመንግሥት የሚከፈል ድርሻ) እስኪከፈል እንደ መያዣ ተቆጥሮ ሊሆን ይችላል። የሚሄዱበት መሥሪያ ቤት የሚለየው በዚህ ነው። በኤግዚቢትነት ከተያዘ ዐቃቤ ሕግና ፍርድ ቤት ናቸው፤ ለቅጣት ከተያዘ ቅጣቱን የጣለው አካል ነው። እርስዎን ሁለቱ መሥሪያ ቤቶች እያመላለሱ ያሉት፣ እንደምገምተው፣ ምክንያቱ በወረቀት ስላልሰፈረ ነው።

ወደ አሸዋው ልምጣ። በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 40 ንዑስ አንቀጽ 3 መሠረት የተፈጥሮ ሀብት ባለቤትነት የመንግሥትና የሕዝብ ነው፤ አንቀጽ 52 ደግሞ ክልሎች የፌዴራሉ መንግሥት በሚያወጣው ሕግ መሠረት መሬትንና ሌሎች የተፈጥሮ ሀብቶችን እንዲያስተዳድሩ ሥልጣን ይሰጣቸዋል። በማዕድን ሥራዎች አዋጅ ቁጥር 678/2002 አሸዋ ከኮንስትራክሽን ማዕድናት የሚመደብ ሲሆን፣ የማውጣት ፈቃዱን ለአገር ውስጥ ባለሀብቶችና ለማኅበራት የሚሰጡት በዋናነት የክልል አካላት ናቸው። ይህ አዋጅ በአዋጅ ቁጥር 816/2006 ተሻሽሏል፤ ክልሎችም የየራሳቸው ደንብና መመሪያ አላቸው። በመሆኑም በአንድ ክልል የሰማነውን የቅጣት መጠን ወይም አሠራር ለሌላው ማዋል አይገባም። የወንዝ አሸዋ ከማዕድን ሕጉ ውጭም ይነካል፤ የወንዝ ዳርቻ ሲቆፈር ገደል ይናዳል፣ የድልድይ መሠረት ይጋለጣል፣ የአካባቢው የጉድጓድ ውኃ ይርቃል፤ ለዚህም ነው የውኃ ሀብት አስተዳደር አዋጅ ቁጥር 197/1992 እና የአካባቢ ብክለት ቁጥጥር አዋጅ ቁጥር 300/1995 በዚህ ዓይነት መዝገብ ላይ ተጠቅሰው ሊገኙ የሚችሉት። የቁጥጥሩን አስፈላጊነት በሙሉ ልቤ እደግፋለሁ። የምከራከረው ቁጥጥሩ በሕግ ይመራ ለማለት ነው።

በእርስዎ ጉዳይ ትልቁ ፍሬ ነገር አሸዋው ከማን እንደተገዛና መኪናው የት እንደተያዘ ነው። አሸዋ የሚያወጣ ሰውና አሸዋ የሚያጓጉዝ ሰው በሕግ ፊት አንድ አይደሉም። መኪናው ከወንዙ ወለል ላይ ከሎደር ጋር ቆሞ ሲጭን የተያዘ እንደሆነ እጅ ከፍንጅ ነው የሚል ጠንካራ ክርክር ይቀርብበታል፤ አስፋልት ላይ ጭኖ ሲጓዝ የተያዘ እንደሆነ ግን አሸዋው ፈቃድ ከሌለው ቦታ መውጣቱን የማስረዳት ሸክም የከሳሹ ነው፤ ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 20 ንዑስ አንቀጽ 3 የተከሰሰ ሰው ጥፋተኛ ሆኖ እስኪፈረድበት ድረስ እንደ ጥፋተኛ እንዳይቆጠር ደንግጓልና። ስለዚህ ከማኅበሩ የፈቃዱን ቅጂ፣ ፈቃዱ የሚያበቃበትን ቀን፣ የሽያጭ ደረሰኙንና በተለይም የተፈቀደላቸውን ቦታ ወሰን የሚያሳየውን ካርታ ዛሬውኑ ይቀበሉ። በዚህ ሥራ ውስጥ እጅግ የተለመደው ችግር ፈቃድ ጨርሶ አለመኖሩ አይደለም፤ ፈቃዱ ያለፈበት ሆኖ ሳይታደስ መቅረቱ ወይም ማኅበሩ ከወሰኑ ወጥቶ ከወንዙ ዳር መቆፈሩ ነው። ይህ ጥፋት የማኅበሩ ነው፤ ደረሰኝ ተቀብሎ የገዛ አጓጓዥ ወሰኑን በመለኪያ መሣሪያ እየፈተሸ ይጭናል ተብሎ አይጠበቅም። ደረሰኙ ከሌለ ግን ይህ ክርክር በጣም ይዳከማል።

መዝገቡ በየትኛው አንቀጽ እንደተከፈተ መጠየቅም ያስፈልጋል። አንዳንዴ ምርመራው በማዕድን ሕጉ ሳይሆን በወንጀል ሕጉ አንቀጽ 665 በተመለከተው ስርቆት ይጀመራል። ልዩነቱ ቀላል አይደለም፤ ስርቆት ከተባለ የሰውን ንብረት መሆኑን አውቆ የመውሰድ ሐሳብ መረጋገጥ አለበት። በወንጀል ሕጉ አንቀጽ 23 አንድ ድርጊት ወንጀል የሚሆነው ሕጋዊ፣ ግዙፋዊና ሞራላዊ ፍሬ ነገሮች፣ ማለትም ድርጊቱን ሕግ መከልከሉ፣ ድርጊቱ መፈጸሙና የፈጻሚው ሐሳብ ወይም ቸልተኝነት፣ ተሟልተው ሲገኙ ሲሆን፣ በአንቀጽ 59 ደግሞ በቸልተኝነት የተፈጸመ ድርጊት የሚያስቀጣው ሕጉ ይህንኑ በግልጽ ሲደነግግ ብቻ ነው። በቦታው ያልነበሩና ስለ ጭነቱ ምንጭ ያላወቁ ባለንብረት እንደመሆንዎ እነዚህ ድንጋጌዎች ለእርስዎ ዋና መከላከያ ናቸው። ዳሩ ግን አንድ ነገር አጥብቄ እመክራለሁ። ጭነቱን በስልክ የተዋዋሉት እርስዎ ከሆኑ አላውቅም ብለው ቃል አይስጡ። የስልክ ጥሪ ዝርዝር በማስረጃነት ሊቀርብ ይችላል፤ አንድ ጊዜ ሐሰት የተገኘበት ባለንብረት ደግሞ መኪናውን በአደራ ይለቀቅለት ዘንድ የሚያምነው ዳኛ ማግኘት ይቸገራል። ከዚህ ጋር የሚያያዝ ሌላ ጉዳይ አለ፤ የእርስዎና የሾፌሩ ጥቅም ሊለያይ ይችላል። ሾፌሩ ባለንብረቱ አዞኝ ነው ሊል፣ እርስዎም በራሱ ፈቃድ ነው የሄደው ሊሉ ይችላሉ፤ ስለዚህ ሁለታችሁን አንድ ጠበቃ ባይወክላችሁ ይሻላል። የሾፌሩ የቅጥር ውልና የጉዞ መመሪያ የሰጡበት ጽሑፍ ካለ ያዘጋጁ።

አሁን ስለ አያያዙ። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 26 ማንኛውም ሰው በይዞታው ያለ ንብረት ከመያዝ የመጠበቅ መብት እንዳለው ይደነግጋል፤ ይህን መብት መገደብ የሚቻለው በሕግ ነው። ለረጅም ዘመን ሲሠራበት በቆየው የ1954 ዓ.ም. የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ አንቀጽ 32 እና 33 ስለ ብርበራና ንብረት ስለ መያዝ የሚናገሩ ሲሆን፣ ንብረት የያዘ ፖሊስ የያዘውን ንብረት ዝርዝር መጻፍና በተቻለ መጠን ገለልተኛ ሰው አይቶ እንዲፈርምበት ማድረግ እንዳለበት ይደነግጋሉ። የዚህን ዝርዝር ቅጂ ይጠይቁ። በዝርዝሩ ላይ የታርጋ፣ የሻንሲና የሞተር ቁጥር፣ የኪሎ ሜትር ንባብ፣ የባትሪው፣ የተጠባባቂ ጎማው፣ የክሪኩና የሸራው ሁኔታ፣ በታንከሩ ያለው ነዳጅ መጠን ሳይቀር ቢሰፍር መልካም ነው። ካልተዘጋጀ እርስዎ አዘጋጅተው ለጣቢያው በደብዳቤ ያስገቡ።

ብዙዎች የሚዘነጉት ደግሞ ጭነቱን ነው። መኪናው አሸዋውን እንደጫነ ከቆመ ባሌስትራውና ጎማው ይጎዳል፤ እርጥብ አሸዋ ሳጥኑን ያዝጋል። ማስረጃ የሚሆነው አሸዋው እንጂ የመኪናው በጭነት መሰቃየት አይደለም። ስለዚህ የመጀመሪያው ማመልከቻዎ ከማስለቀቅ በፊት እንኳ አሸዋው በማዕድን ጽሕፈት ቤት ባለሙያ ፊት ተለክቶ በሜትር ኩብ እንዲመዘገብ፣ ናሙና እንዲወሰድለት፣ ፎቶግራፍ እንዲነሣና እንዲራገፍ የሚጠይቅ ይሁን። ይህ ጥያቄ ለመከልከል የሚያበቃ ምክንያት ስለማይገኝለት በቀላሉ ይፈቀዳል፤ ከተፈቀደ በኋላም መኪናው ራሱ ምን ለማስረዳት እንደሚቆይ መጠየቅ ይቀልልዎታል።

ዋናው ማመልከቻ ለጣቢያው ኃላፊ ተጽፎ፣ ግልባጩ ለወረዳው ዐቃቤ ሕግ ጽሕፈት ቤት ይድረስ። ሁለቱም ዘንድ ገቢ የሆነበት ቁጥርና ቀን፣ ማኅተምም ያለበት ቅጂ በእጅዎ ይቅር። በማመልከቻው መኪናው የተያዘበት የሕግ አንቀጽ፣ የምርመራ መዝገቡ ቁጥርና የሚቆይበት ምክንያት በጽሑፍ እንዲገለጽልዎ፣ ለምርመራው የማያስፈልግ ከሆነም እንዲለቀቅ ይጠይቁ። በሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 37 የፖሊስ ምርመራ አላስፈላጊ መዘግየት ሳይኖርበት መጠናቀቅ አለበት። ሦስት ሳምንት ለአንድ ገልባጭ አሸዋ ምርመራ በቂ ነው ብዬ አምናለሁ፤ የሚያስፈልገው የሾፌሩና የማኅበሩ ኃላፊዎች ቃል፣ የቦታው ልኬትና የፈቃዱ ማረጋገጫ ነውና። ዐቃቤ ሕጉን በአካል ማነጋገርም ይበጃል፤ ምርመራውን የሚመራውና ክስ የሚመሠርተው እርሱ ስለሆነ፣ መኪናው በፎቶግራፍና በምዝገባ ሊተካ የሚችል ማስረጃ መሆኑን ካመነበት ጉዳዩ ፍርድ ቤት ሳይደርስ ሊያልቅ ይችላል።

በተመጣጣኝ ጊዜ መልስ ካልተሰጠዎት ወይም ከተከለከሉ ወደ ፍርድ ቤት ይሂዱ። በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 37 ማንኛውም ሰው በፍርድ ሊወሰን የሚገባውን ጉዳይ ለፍርድ ቤት የማቅረብ መብት አለው። ሾፌሩ በጊዜ ቀጠሮ፣ ማለትም ፖሊስ ለምርመራ ተጨማሪ ቀን ለመጠየቅ፣ ፍርድ ቤት ቀርቦ ከነበረ የወረዳው ፍርድ ቤት አስቀድሞ መዝገብ ከፍቷል፤ ማመልከቻዎን በዚያው መዝገብ ላይ ማቅረብ አጭሩ መንገድ ነው። ክስ ተመሥርቶ ከሆነ ደግሞ ክሱን ለሚያየው ችሎት ያቀርባሉ። ማመልከቻው በፍርድ ቤቱ የሥራ ቋንቋ ይጻፍ፤ ቀላል ቢመስልም በዚህ ብቻ የተመለሰ ማመልከቻ ጥቂት አይደለም።

ፍርድ ቤቱን የሚያሳምነው የጉዳት ታሪክ ብቻ አይደለም። ዳኛው የሚፈራው መኪናው ከተለቀቀ በኋላ እንዳይሸጥ፣ እንዳይደበቅ ወይም ተመልሶ ወደ ወንዙ እንዳይወርድ ነው፤ ስለዚህ ዋስትናውን ሳይጠየቁ እርስዎ ያቅርቡ። መኪናው በተፈለገ ጊዜ እንደሚቀርብ ግዴታ ለመግባት፣ ተመጣጣኝ ዋስ ለመጥራት፣ መኪናውን ላለመሸጥና ለሦስተኛ ወገን ላለማስተላለፍ ፈቃደኛ መሆንዎን ይግለጹ፤ ፍርድ ቤቱም ስም ዝውውር እንዲታገድ መኪናው ለተመዘገበበት የትራንስፖርት መሥሪያ ቤት እንዲጽፍ ራስዎ ይጠይቁ። እግዱ እርስዎን የሚጎዳ ቢመስልም፣ የመኪናውን መጥፋት ሥጋት በወረቀት ስለሚያስወግድ ጣቢያ የሚቆምበትን ምክንያት ያሳጣል። ከማመልከቻው ጋር የሊብሬው ቅጂ በባንኩ ማረጋገጫ፣ የዘመኑ ቦሎ፣ የሦስተኛ ወገን መድን፣ የንግድ ፈቃድና የአሸዋው ደረሰኝ ይያያዙ።

ባንኩን በተመለከተ፣ ዝም ብለው ክፍያ ማቋረጥ የከፋ ችግር ያመጣል። መኪናው መያዙን ለባንኩ በደብዳቤ ያሳውቁ፤ የክፍያ ማራዘሚያም ይጠይቁ። ባንኩ በመኪናው ላይ የመያዣ መብት ስላለው ለፖሊስና ለፍርድ ቤት የሚጽፈው ደብዳቤ ክብደት አለው፤ ንብረቱ ቢወረስ የሚጎዳው እርስዎ ብቻ እንዳልሆኑ ያሳያልና። የመድን ድርጅትዎንም እንዲሁ ያሳውቁ።

ይወረሳል የሚለው ሥጋት በሰዎች ዘንድ የተጋነነው በአብዛኛው ከኮንትሮባንድ ጉዳዮች ጋር በመምታታቱ ነው። የጉምሩክ ሕጉ ኮንትሮባንድ ስለጫነ ማጓጓዣ የራሱ ድንጋጌዎች አሉት፤ እነዚያ ድንጋጌዎች ለአሸዋ አይሠሩም። በወንጀል ሕጉ አንቀጽ 2 ፍርድ ቤት በሕግ ከተወሰኑት ቅጣቶችና የጥንቃቄ እርምጃዎች ውጭ ሊወስን አይችልም፤ ስለሆነም መኪናው ይወረስ የሚል ዐቃቤ ሕግ ለዚህ ያስቻለውን ድንጋጌ መጥቀስ አለበት። የክልሉ ሕግ ስለ መሣሪያና ተሽከርካሪ መወረስ የሚናገር ከሆነም ውሳኔው ወንጀሉን ባላወቀ ባለንብረት ላይ ሊደርስ አይገባም የሚለው ክርክር ክፍት ነው። ለዚህም በክሱ ሂደት የመኪናው ባለንብረት መሆንዎን ገልጸው እንዲሰሙ ቀደም ብለው ያመልክቱ፤ ተከሳሹ ሾፌሩ ብቻ ሆኖ እርስዎ ሳይሰሙ ፍርድ እስኪሰጥ አይጠብቁ። ፖሊስ ወይም ጽሕፈት ቤት ግን በራሱ ውሳኔ ወርሻለሁ ቢል፣ ይህን የሚፈቅድለትን ሕግ በጽሑፍ እንዲያሳይ ይጠይቁ፤ የቃል ውሳኔን እንደ ውሳኔ አይቀበሉ።

ጉዳዩ የአስተዳደር ቅጣት ሆኖ ከተገኘ መንገዱ አጭር ነው። ቅጣቱ የተጣለበትን ደንብ፣ አንቀጹንና ስሌቱን የሚያሳይ የጽሑፍ ውሳኔ ይቀበሉ፤ ካልተስማሙ ለበላይ ቢሮው ቅሬታ ያቅርቡ። የፌዴራል አስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183/2012 የተደነገገው ለፌዴራል ተቋማት በመሆኑ በወረዳ ጽሕፈት ቤት ላይ በቀጥታ አይጠቀሱት፤ የክልሉን የቅሬታ አሠራር ይከተሉ። ለመክፈል ከወሰኑ ክፍያው በመንግሥት ደረሰኝ ይሁን፤ ክፍያውም ጉዳዩን የሚዘጋ መሆኑ በደብዳቤ ይረጋገጥልዎ። ያለ ደረሰኝ የሚሰጥ ገንዘብ ጉቦ ነው፤ የሙስና ወንጀሎች አዋጅ ቁጥር 881/2007 ሰጪውንም ይቀጣል፤ ባለንብረት መኪናውን በዚህ መንገድ ለማስለቀቅ ሲል ከምስክርነት ወደ ተከሳሽነት የተሸጋገረባቸው ጉዳዮች ያሳዝኑኛል።

የፍትሐ ብሔር ክስ ከእነዚህ ሁሉ ቀጥሎ ይመጣል። በፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 1149 ይዞታው ያለአግባብ የተወሰደበት ሰው ንብረቱ እንዲመለስለትና ኪሣራ እንዲከፈለው መጠየቅ ይችላል፤ ክሱ ግን በሁለት ዓመት ውስጥ መቅረብ አለበት። ይህ ክስ የሚጠቅመው የወንጀል መዝገብ ሳይኖር ወይም ተዘግቶ ሳለ መኪናው ሲያዝ ነው፤ ምርመራው በሕይወት እያለ ከቀረበ ግን ፍርድ ቤቱ አስቀድመው ወደ ወንጀል ችሎቱ እንዲሄዱ መምራቱ አይቀርም። ዐቃቤ ሕግ ክስ አልመሠርትም ካለ ወይም መዝገቡን ከዘጋ በውሳኔው ላይ መኪናው ለባለንብረቱ ይመለስ የሚል ቃል እንዲያሰፍር ይጠይቁ። ለደረሰው ጉዳት ደግሞ አንቀጽ 2126 እና 2127 የመንግሥት ሠራተኛ በሥራው ላይ ስለሚፈጽመው ጥፋትና ስለ መንግሥት ኃላፊነት ይናገራሉ፤ የጉዳት ካሣ ክስም በአንቀጽ 2143 መሠረት በሁለት ዓመት ይታገዳል። ከግብር ጋር የማይገጥም ሒሳብ ይዘው አይቅረቡ፤ በቀን ይህን ያህል አገኝ ነበር ብለው የሚጠይቁት ገቢ ለገቢዎች ካሳወቁት ጋር ካልተስማማ፣ የተከሳሹ ጠበቃ በመጀመሪያ የሚያነሣው ይህንኑ ነው። የማጓጓዣ ውሎችንና የባንክ እንቅስቃሴን ከአሁኑ ይሰብስቡ። መያዙ ራሱ ሕጋዊ ከነበረና የዘገየው ብቻ ከሆነ፣ ካሣው የሚጠየቀው ከተገቢው ጊዜ በላይ ለቆየበት ነው።

ትእዛዙ ወጥቶ መኪናውን ሲረከቡ ከመካኒክ ጋር ይሂዱ። ቀድሞ ከተዘጋጀው ዝርዝር ጋር እያንዳንዱን ዕቃ አስተያይተው የጎደለውንና የተበላሸውን በርክክብ ሰነዱ ላይ ሳያሰፍሩ አይፈርሙ፤ ሁሉንም በሙሉ ተረክቤያለሁ የሚል ፊርማ የካሣ ጥያቄዎን ሊያሳጣዎት ይችላል። የምርመራ መዝገቡ ገና ያልተዘጋ ከሆነ ደግሞ መኪናውን በተጠሩበት ቀን ማቅረብ፣ ስም ዝውውሩ ታግዶ ከሆነም እግዱ እንዲነሣ መዝገቡ ሲዘጋ በጽሑፍ መጠየቅ ይቀርዎታል።